ከዴሪክ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ፦ የፍሪትስ ቬፐር የሥራ ሕይወት

ቦታው ሙኒክ ነው፤ ሀብታሞች የሚኖሩበት ሰፈር። ሁለት ሰዎች የአንድ ቪላ በር ላይ ቆመው ደወል ይደውላሉ። በሩን የከፈተችው ሴት ትደነግጣለች፤ ድንጋጤዋን ግን ቶሎ ትደብቀዋለች። ረጅሙ ሰውዬ ስሙን ይናገራል። ዴሪክ ይባላል፤ መርማሪ ፖሊስ ነው። ከጎኑ፣ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ብሎ የቆመው ሰው ዝም ብሏል። ሴትየዋን ብቻ ያያል።

ሦስቱም ሳሎን ይገባሉ። ዴሪክ ወደ መስኮቱ ሄዶ ጀርባውን ይሰጣል። ሁለተኛው ሰው ትናንት ማታ የት እንደነበረች ይጠይቃታል። ቤት ነበርኩ ትላለች። ካሜራው እርሷን ይተውና ወደ ሁለተኛው ሰው ፊት ይዞራል። ፊቱ ላይ ያለው ነገር በጣም ትንሽ ነው። ዓይኑ ግማሽ ሰከንድ ያህል ይቆያል፣ ከንፈሩ ጠበቅ ይላል። ቤቱ ተቀምጦ የሚያየው ሰው ግን ሴትየዋ እንደዋሸች ያኔ ይገባዋል።

ይሄ ዓይነት ትዕይንት በጀርመኑ ተከታታይ ድራማ «ዴሪክ» ውስጥ ደጋግሞ ይመጣል። ሁለተኛው ሰው ሃሪ ክላይን ነው። ሃሪን የተጫወተው ደግሞ ፍሪትስ ቬፐር ነው። ቬፐር ይህን ሰው ሆኖ በአንድ ድራማ ብቻ ለ24 ዓመት ሠርቷል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ቀኖች፣ ወሮችና ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ብዙ ሰው ረዳት ተዋናይ ሲባል ወረፋ ላይ የቆመ ሰው ይመስለዋል። መሪ ተዋናይ ለመሆን ተራው ያልደረሰው፣ ወይም ደርሶ ያለፈው። እኔ በዚህ አልስማማም። የሠርግ ሚዜን አስቡት። ጥሩ ሚዜ ሙሽራውን አይሸፍንም። ሙሽራው መቼ እንደሚነሳ፣ መቼ እንደሚቀመጥ፣ ላቡን መቼ እንደሚጠርግ ግን ከሙሽራው ቀድሞ ያውቃል። ይሄ ራሱን የቻለ ሙያ ነው። የቬፐርን ታሪክ የመረጥኩትም ለዚህ ነው። ሙያው ምን እንደሚሰጥና ምን እንደሚያስከፍል በእርሱ ሕይወት ላይ ቁልጭ ብሎ ይታያል።

ጥያቄዬ አንድ ነው። ቬፐር በ1972 በወጣ፣ 8 ኦስካር በበላ ፊልም ውስጥ ጥሩ ቦታ የነበረው ሰው ነው። ገና ሠላሳውን ማለፉ ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ ግን በቴሌቪዥን «ዴሪክ» ላይ የመርማሪው ረዳት ሆኖ ገባ፤ ሲወጣ 57 ዓመቱ ነበር። ተሳስቷል ወይስ አልተሳሳተም?

ድልድዩ ላይ የተረፈው ልጅ

ቬፐር ነሐሴ 1941 ሙኒክ ውስጥ ተወለደ። ጦርነቱ እየተፋፋመ ነበር። አባቱ የሕግ ሰው ነበር፤ በ1945 ጦርነቱ ሊያልቅ ሲል ፖላንድ ውስጥ የገባበት ጠፋ። ፍሪትስንና በ1944 የተወለደውን ታናሽ ወንድሙን ኤልማርን እናታቸው ናት ያሳደገቻቸው። ሁለቱም ገና በልጅነታቸው ትወና ጀመሩ።

የፍሪትስን ስም ያስጠራው በ1959 የወጣው «ድልድዩ» ነው። ዳይሬክተሩ በርንሃርድ ቪኪ ነው። ፊልሙ የተቀረፀው ካም በምትባል የባቫሪያ ከተማ ነው። ታሪኩ በጣም ቀላል ነው፤ ከባድ የሚያደርገውም ቀላልነቱ ነው። የጦርነቱ የመጨረሻ ቀናት ናቸው። የ16 ዓመት ገደማ የሆኑ ሰባት ተማሪዎች ለውትድርና ይጠራሉ። አንድ ድልድይ እንዲጠብቁ ይሰጣቸዋል። ድልድዩ ምንም ጥቅም የለውም፤ የራሳቸው ወገን ሊያፈርሰው አስቧል። ልጆቹ ግን ይህን አያውቁም። የአሜሪካ ታንክ ሲመጣ ይዋጋሉ፤ አንድ በአንድም ያልቃሉ።

ከሰባቱ በሕይወት የሚተርፈው አንድ ብቻ ነው። አልበርት ሙትስ ይባላል። ቬፐር የተጫወተው እርሱን ነው።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ። በፊልሙ መጨረሻ ድልድዩን ሊያፈርሱ የመጡት የጀርመን ወታደሮች ራሳቸው ናቸው። የተረፉት ሁለቱ ልጆች ጓደኞቻቸው የሞቱት ለከንቱ እንደሆነ ያኔ ይገባቸዋል። ተኩስ ይነሳል፣ ሁለተኛውም ልጅ ይሞታል። ከዚያ በኋላ ቬፐር ብቻውን ነው። ንግግር የለውም። የጓደኛውን ሬሳ እየጎተተ ድልድዩ ላይ ይሄዳል። በስክሪኑ ላይ የሚወጣው ጽሑፍ ነገሩ ሚያዝያ 27 ቀን 1945 እንደተፈጸመ፣ ከቁም ነገር ስላልተቆጠረም በማንኛውም የጦር መግለጫ ላይ እንዳልሰፈረ ይናገራል።

ከሰባቱ ልጆች ሞገደኛው፣ ፎካሪው፣ አባቱን የሚጠላው፣ ፍቅር የያዘው አለ። የቬፐር ልጅ ከሁሉም ዝምተኛው ሊባል ይችላል። ሌሎቹ ሲያደርጉ እርሱ ያያል። ዳይሬክተሩ ለመጨረሻ ያቆየው ይህን ፊት ነው። የሆነውን ሁሉ አይቶ የሚሸከም ፊት አስፈልጎታል። ቬፐር ኋላ ሙሉ ዕድሜውን የኖረበት ችሎታ በ17 ዓመቱ እዚያ ድልድይ ላይ ነበረው ብዬ አምናለሁ። ማየትና ማዳመጥ።

ፊልሙ በምርጥ የውጭ ቋንቋ ፊልም ዘርፍ ለኦስካር ታጨ፤ ጎልደን ግሎብም አሸነፈ። ለአንድ ወጣት ተዋናይ ከዚህ የተሻለ ጅማሬ ማግኘት ይከብዳል።

ኮሚሳሩ፣ ካባሬና ያለቀው እጅጌ

የ1960ዎቹ የጀርመን ሲኒማ ግን ለወጣት ተዋናይ የሚመች አልነበረም። የድሮው የመዝናኛ ፊልም ተመልካቹን በቴሌቪዥን እየተነጠቀ ነበር። አዲሶቹ ዳይሬክተሮች፣ እነ ፋስቢንደር፣ ሲመጡ ደግሞ የራሳቸውን ሰዎች ይዘው ነው የመጡት። መካከል ላይ ለቀረ ተዋናይ እንጀራው ያለው ቴሌቪዥን ላይ ነበር።

በ1969 መጀመሪያ ዜድ ዲ ኤፍ የተባለው የሕዝብ ጣቢያ «ኮሚሳሩ» የሚል የወንጀል ምርመራ ድራማ ጀመረ። ጸሐፊው ሄርበርት ራይኔከር ነው። ፕሮዲውሰሩ ሄልሙት ሪንግልማን ነው። መሪ ተዋናዩ ኤሪክ ኦደ ይባላል፤ በዕድሜ የገፋ፣ የተረጋጋ ኮሚሳር፣ ማለትም የመርማሪ ፖሊሶች አለቃ። በሥሩ ወጣት ረዳቶች አሉት። ከእነርሱ አንዱ ሃሪ ክላይን ነው፤ የ27 ዓመቱ ፍሪትስ ቬፐር። ድራማው ጥቁርና ነጭ ነው፤ እስኪያልቅም ድረስ ቀለም አልገባበትም።

በዚህ መሀል ነው «ካባሬ» የመጣው። አሜሪካዊው ዳይሬክተር ቦብ ፎሲ ፊልሙን የሠራው እዚያው ሙኒክ፣ ባቫሪያ ስቱዲዮ ውስጥ ነው። ዘመኑ ናዚዎች ሥልጣን ሊይዙ የተቃረቡበት ነው፤ ከተማዋ በርሊን ናት። ላይዛ ሚኔሊና ማይክል ዮርክ ዋናዎቹ ናቸው። ቬፐር ፍሪትስ ቬንደል የሚባለውን ሰው ሆኖ ይጫወታል።

ቬንደል የሚያምር፣ የለበሰ፣ ኪሱ ግን ባዶ የሆነ ሰው ነው። ሀብታም ሴት አግብቶ ከችግሩ መውጣት ይፈልጋል። እንግሊዝኛ ትምህርት ላይ ናታሊያ ላንዳወር ከምትባል የሀብታም አይሁዳዊ ልጅ ጋር ይገናኛል። ማሪሳ በረንሰን ናት የተጫወተቻት። በገንዘብ አስቦ ይጠጋትና ሳያስበው ከልቡ ይወዳታል። እርሷ ግን አይሁዳዊ ያልሆነ ሰው ማግባት እንደማትችል ታስባለች፤ ዘመኑም ክፉ ነው። የቬንደል ምስጢር የሚወጣው እዚህ ላይ ነው። እርሱ ራሱ አይሁዳዊ ነው። በርሊን ሲመጣ ማንነቱን ደብቆ ክርስቲያን ነኝ ብሎ ተመዝግቧል። እውነቱን ከተናገረ ናታሊያን ያገኛል፤ ግን ናዚዎች በበረቱበት ሰዓት አንገቱን ለሰይፍ እየሰጠ ነው። ዝም ካለ ይተርፋል፤ እርሷን ግን ያጣል።

አንድ ትንሽ ነገር ላሳያችሁ። ቬንደል የሸሚዙ እጅጌ ጫፍ ተበልቶ አልቋል። ቬፐር ያንን ጫፍ ሰው እንዳያይበት ከኮቱ ሥር የሚደብቅበት ጊዜ አለ። ማንም ምንም አይልም። ፈጣን ነው፤ ዓይናችሁን ካነሳችሁ ያመልጣችኋል። ግን የሰውየው ታሪክ በሙሉ እዚያ አለ። ድህነቱን ይደብቃል፣ ማንነቱን ይደብቃል፤ ሁልጊዜም አንድ ጫፍ ወጥቶ ያሳጣው ይመስለዋል። ኋላ ናታሊያ በር ላይ ቆሞ እውነቱን ሲናገር የሚሰማን እፎይታ ከዚህ እጅጌ የተጀመረ ነው። ለኔ የረዳት ተዋናይ ሥራ ማለት ይሄ ነው። መሪዋ ተዋናይ መድረክ ላይ ዘፍና ዓለምን ስታስደንቅ፣ ረዳቱ ባገኛት ጠባብ ቦታ ውስጥ አንድ ሙሉ ሰው ይሠራል።

«ካባሬ» በ1973ቱ ሥነ ሥርዓት 8 ኦስካር ወሰደ። በረዳት ተዋናይ ዘርፍ ያሸነፈው የዚሁ ፊልም ተዋናይ ጆኤል ግሬይ ነው፤ ከተወዳዳሪዎቹ መካከል አል ፓቺኖ ነበር። የቬፐር ስም በሽልማቱ ዝርዝር ውስጥ አልነበረም። ፊቱን ግን ዓለም ሁሉ አይቶታል።

የ1974ቱ ዝውውር

አሁን ወደ ጉዳዩ እምብርት ደርሰናል።

ራይኔከርና ሪንግልማን አዲስ ድራማ አሰቡ። ስሙ «ዴሪክ»። መሪ ተዋናዩ ሆርስት ታፐርት ነው፤ በጀርመን ቴሌቪዥን ስሙ የታወቀ ሰው። ረዳት ያስፈልገዋል። አዲስ ሰው ከመፈለግ ይልቅ ሃሪ ክላይንን ከ«ኮሚሳሩ» አዛወሩት። ተዋናዩን ብቻ አይደለም፤ ገጸ ባሕርዩን ራሱን፣ ከነስሙ፣ ከነማዕረጉ። ልክ አንድ ሠራተኛ ከአንድ ክፍል ወደ ሌላ ክፍል እንደሚዛወረው።

የቀረው ክፍት ቦታስ? እዚያ ሌላ ክላይን ገባ። የሃሪ ወንድም ኤርቪን ክላይን። የተጫወተው ማን ነው? የፍሪትስ የእውነት ወንድም ኤልማር ቬፐር። በድራማውም ወንድሙ ነው፣ በቤቱም ወንድሙ ነው፤ የለቀቀውን ወንበር ወንድሙ ያዘው።

ይሄ ዝውውር የሚያምር ብልሃት ነው። አዲስ ድራማ እንደ አዲስ ሰፈር ነው፤ ሰው ቶሎ አይለምደውም። ተመልካቹ ግን ሃሪን አምስት ዓመት ያውቀዋል። እርሱ ታፐርት ጎን ሲቆም፣ ተመልካቹ ታፐርትን በሃሪ በኩል ለመደው። ዋስ ማለት ነው። ረዳቱ ለመሪው ዋስ ሆነ።

ለቬፐር ግን ትርጉሙ ሌላ ነበር። ከዓለም አቀፍ ፊልም ማግሥት የአገሩን የተረጋገጠ ሥራ መረጠ። ከ«ካባሬ» ጓዶቹ ሄልሙት ግሪም በሲኒማና በቲያትር መንገድ ቀጠለ። ማይክል ዮርክ በእንግሊዝኛው ዓለም ሠራ። ቬፐር ሙኒክ ቀረ።

የመጀመሪያው ክፍል ጥቅምት 20 ቀን 1974 ተላለፈ። የመጨረሻው ጥቅምት 16 ቀን 1998። በመካከሉ 281 ክፍሎች አሉ። ሁሉንም የጻፈው ራይኔከር ብቻውን ነው። ድራማው ከ100 በላይ አገሮች ተሸጠ። ከጀርመን ወደ ውጭ ከተሸጡት የቴሌቪዥን ሥራዎች ይህን ያህል የተሳካለት ጥቂት ነው።

አለማወቅን መጫወት

ስለ ረዳት መርማሪ ሥራ ብዙ ሰው የማያስተውለው ነገር አለ። ሃሪ ሁልጊዜ ከዴሪክ ያነሰ ማወቅ አለበት። ስክሪፕቱ የሚፈልገው ያንን ነው። ዴሪክ የሚያስበውን ለተመልካች መንገር ካለበት፣ አንድ ሰው ሊጠይቀው ይገባል። ያ ሰው ሃሪ ነው። «ለምን መሰለህ?» «አታምናትም እንዴ?» «አሁን ወዴት ነን?» 281 ክፍል ሙሉ ጥያቄ።

ችግሩ፣ ሁልጊዜ የሚጠይቅ ሰው ቶሎ ሞኝ ይመስላል። ሃሪ ሞኝ ከመሰለ ደግሞ ዴሪክም ይወድቃል፤ እንዲህ ዓይነት ሰው ለምን ከጎኑ ያቆማል ይባላል። ስለዚህ ቬፐር አንድ ከባድ ነገር መሥራት ነበረበት። አለማወቅን ያለ ሞኝነት መጫወት። እንዴት አደረገው? እኔ እንዳየሁት፣ ሃሪን ቸኳይ አደረገው። ሃሪ ይናደዳል፣ ለተበደለ ሰው ቶሎ ያዝናል፣ የጠረጠረውን ቶሎ ይከስሳል። ዴሪክ ቀዝቃዛ ነው፤ ሃሪ ደም አለው። የሚጠይቀው ስላልገባው ሳይሆን መልሱን ለመጠበቅ ትዕግሥት ስለሌለው ይመስላል።

ሌላም ነገር አለ። በድራማው የመጀመሪያ ዘመን ገዳዩ ማን እንደሆነ ተመልካቹ ከመነሻው ያያል። መርማሪዎቹ ኋላ ነው የሚደርሱት። እንዲህ ሲሆን ክፍሉ ውስጥ ምንም የማያውቀው ሃሪ ብቻ ይሆናል፤ ተመልካቹ ቀድሞታል። ኋላ አካሄዱ ተቀየረና ገዳዩ እስከ መጨረሻው ተደበቀ። ያኔ ተመልካቹና ሃሪ እኩል ሆኑ። አብረው ይገምታሉ፣ አብረው ይሳሳታሉ። የሃሪ ቦታ ያኔ ከበፊቱ የበለጠ ምቹ የሆነ ይመስለኛል።

ደግሞ ያቺ አረፍተ ነገር አለች። ጀርመን ውስጥ ስለ ዴሪክ ስታነሱ፣ ሰው ሁሉ የሚላት አንዲት ነገር አለች። «ሃሪ፣ እስቲ መኪናውን አምጣው።» በቀልድ ይነገራል፣ በማስታወቂያ ይነገራል፤ አለቃና ታዛዥን ለማሳየት ይነገራል። ዴሪክ ግን በ281 ክፍሎች ውስጥ ቃል በቃል እንዲህ ብሎ አያውቅም። የሚቀራረብ ነገር ይላል እንጂ ይቺን አረፍተ ነገር አላላትም። ሕዝቡ የራሱን ሃሪ ፈጥሯል ማለት ነው፤ መኪና የሚያመጣ ሃሪ።

ይሄ ያሳዝነኛል። ያ ሁሉ ዓመት የተሠራ ሥራ፣ ባልተነገረች አንዲት ትእዛዝ ተጠቅልሎ ሲቀር ያሳዝናል። በሌላ በኩል ደግሞ አየዋለሁ። መሪ ተዋናዩን ያለ ረዳቱ መጥራት አልቻሉም። ዴሪክን ለማስታወስ «ሃሪ» ብለው ነው የሚጀምሩት።

ምን አገኘ፣ ምን ከፈለ

ያገኘው ግልጽ ነው። ተዋናይ ሥራ ሲያጣ ማየት የተለመደ ነው። አንድ ፊልም ይሠራል፣ ስድስት ወር ስልኩን ያያል። ቬፐር ከ27 ዓመቱ እስከ 57 ዓመቱ ይህን ዓይነት ስጋት አላየም ማለት ይቻላል። በዚያ ላይ ለሌላ ሥራ ጊዜ ነበረው። ከወንድሙ ጋር «ሁለት ወንድማማቾች» በሚል የቴሌቪዥን ፊልሞች ውስጥ ሠርቷል።

የከፈለውም ግልጽ ነው። ሃሪ ክላይን ስሙን ዋጠው። በ1959 እና በ1972 የታየው ዓይነት ሚና፣ ተመልካችን የሚያስጨንቅ፣ ምስጢር ያለው ሰው፣ በእነዚያ ዓመታት ከእጁ ራቀ። ወንድሙን ኤልማርን ስናየው ልዩነቱ ይታያል። እርሱም በቴሌቪዥን ለረጅም ጊዜ ሠርቷል፤ የአሜሪካ ፊልሞች በጀርመንኛ ሲቀዱም የተዋናዩ ሜል ጊብሰን ድምፅ እርሱ ነበር። በ2008 ግን የዳይሬክተር ዶሪስ ዶሪ ፊልም አገኘው። ሚስቱ የሞተችበትንና ጃፓን ድረስ የሚሄደውን አዛውንት ተጫውቶ የጀርመን የፊልም ሽልማትን በምርጥ ተዋናይነት ወሰደ። ፍሪትስ እንዲህ ያለ ዘግይቶ የመጣ የሲኒማ ሚና አልገጠመውም። ይገባው ነበር ብዬ አስባለሁ። ያ እጅጌውን የደበቀው ሰው በስልሳ ዓመቱ ምን ይሠራ እንደነበር ማየት እፈልግ ነበር።

የከፈለው ሌላ ዋጋም አለ፤ ይሄኛው ግን የእርሱ ጥፋት አይደለም። ሆርስት ታፐርት በ2008 ሞተ። በ2013 አንድ ተመራማሪ የሠራዊት መዝገብ ሲያገላብጥ የታፐርትን ስም አገኘ። በ1943 የናዚዎቹ ታጣቂ ክፍል የዋፈን ኤስ ኤስ አባል ነበር፤ ታፐርትም ይህን በሕይወቱ ሳለ ለሕዝብ ተናግሮ አያውቅም። ዜድ ዲ ኤፍ ከዚያ በኋላ «ዴሪክ»ን በድጋሚ ለማስተላለፍ እንደማያስብ አስታወቀ።

አስቡት። የቬፐር የ24 ዓመት ሥራ ባላደረገው ነገር ከስክሪን ወረደ። ጣቢያውን አልወቅስም፤ ሊያደርግ የሚገባውን አድርጓል። የረዳት ተዋናይ ዕጣ ግን እዚህ ላይ ይታያል። ስምህ ከመሪው ስም ጋር ታስሯል። እርሱ ሲወጣ ትወጣለህ፤ እርሱ ሲወርድም ትወርዳለህ።

በጣም የሚከብደኝ ደግሞ ይሄ ነው። ቬፐር አባቱን በዚያ ጦርነት ያጣ ልጅ ነው። በ17 ዓመቱ ጦርነቱ የበላቸውን ልጆች ታሪክ ይዞ ለዓለም ቀረበ። በ30 ዓመቱ ከናዚ ማንነቱን የደበቀ አይሁዳዊ ሆነ። ከዚያ 24 ዓመት ሙሉ የዚያን ዘመን ታሪኩን ውጦ ከተቀመጠ ሰው ጎን ቆመ። የጀርመን የዚያ ትውልድ ታሪክ በአንድ ተዋናይ ሥራ ውስጥ ሲያልፍ ማየት ይህን ይመስላል።

ከንቲባው

በ1998 «ዴሪክ» ሲያልቅ ቬፐርም አለቀለት ያለ ሰው ካለ ተሳስቷል።

በ2002 ኤ አር ዲ የተባለው ጣቢያ አንድ አዲስ ድራማ ጀመረ። ስሙ ወደኛ ቋንቋ ሲመጣ «ኧረ በፈጣሪ!» እንደማለት ነው። ቦታው ካልተንታል የምትባል የፈጠራ ከተማ ናት፤ የተቀረፀው ግን ላንድስሁት በምትባል የባቫሪያ ከተማ ነው። ከንቲባው ቮልፍጋንግ ቮለር ይባላል። የከተማዋን ገዳም ለልማት ሊወስደው ይፈልጋል። መነኮሳቱ እምቢ ይላሉ። ዘዴ ያወጣል፤ እነርሱም ዘዴ ያወጣሉ። አብዛኛውን ጊዜ የሚሸነፈው እርሱ ነው።

ከንቲባው ቬፐር ነው። 60 ዓመት ሆኖታል፤ ወፈር ብሏል። አሁን አንድ እርምጃ ወደ ኋላ የሚቆም ሰው የለም። ትልቅ ጠረጴዛ፣ ሲጋር፣ ጩኸት፣ ተንኮል አለ። መጀመሪያ ከእርሱ ጋር የምትፋለመው መነኩሲት ዩታ ሽፓይደል ነበረች፤ ኋላ ያኒና ሃርትቪግ ተተካች። ድራማው እስከ 2021 ቀጠለ። 260 ክፍሎች፤ በደህና ጊዜውም ከ6 ሚሊዮን በላይ ተመልካች።

እኔን የገረመኝ ግን አሁንም የሚያዳምጥ መሆኑ ነው። መነኩሲቷ ስትገሥጸው ካሜራው ወደ ፊቱ ይዞራል። ያ የድሮው ግማሽ ሰከንድ አለ። እንደተሸነፈ ገብቶታል፤ እርሷም ልክ እንደሆነች ያውቃል። ከዚያ ነው የሚጮኸው። ሌላ ተዋናይ ቢሆን ቀጥታ ወደ ጩኸቱ ይሄድ ነበር፤ ቮለርም አስቂኝ ክፉ ሰው ሆኖ ይቀር ነበር። ሕዝቡ ግን ቮለርን ወደደው፣ ምክንያቱም ከጩኸቱ በፊት ኅሊናው ሲነካ አይቷል። ሠላሳ ዓመት ከሰው ጎን ቆሞ የተማረውን ወደ መካከል ሲመጣ ይዞት መጣ።

በተመሳሳይ ዘመን ከልጁ ከሶፊ ጋር ሌላ የወንጀል ድራማ ሠርቷል። እርሱ የሥነ አእምሮ ሐኪም፣ እርሷ ልጁ ሆነው። በ«ኮሚሳሩ»፣ በ«ዴሪክ» እና በከንቲባው ድራማ ብቻ ሲደመር ከ600 ክፍሎች በላይ ሠርቷል።

እንግዲህ በ1974 ተሳስቷል ወይ? የኔ መልስ አልተሳሳተም ነው። ግን መልሴን የሚያጸናልኝ የ«ዴሪክ» ስኬት አይደለም፤ ከንቲባው ነው። ረዳትነት ሰውን ያደነዝዛል፣ ከእጅ ያወጣል የሚሉ አሉ። ቬፐር 57 ዓመት ሆኖት ከዚያ ሥራ ሲወጣ እጁ አልዶለዶመም ነበር። ያለፈው ነገር፣ ያ የሲኒማ ዕድል፣ ያለፈ መሆኑን አልክድም። ሁለቱም እውነት ናቸው።

በ2004 «ዴሪክ» ለሲኒማ የካርቱን ፊልም ሆኖ ተሠርቶ ነበር። ታፐርትና ቬፐር የየራሳቸውን ገጸ ባሕርይ ድምፅ ሰጡ። ታፐርት ሰማንያ አልፎታል። ድራማው ካለቀ ስድስት ዓመት ሆኖታል። ሁለቱ ሰዎች ስቱዲዮ ገብተው አንዴ ደግሞ ዴሪክና ሃሪ ሆኑ።

ኤልማር ጥቅምት 31 ቀን 2023 ሞተ። ፍሪትስ አምስት ወር ገደማ ቆይቶ መጋቢት 25 ቀን 2024 ተከተለው። 82 ዓመቱ ነበር።